የነጅማ ወሊ

ጅቡቲ፣ ጥቅምት 1994 ዓ.ም.

ለወንድሜ ልጅ ለነጅማ ዓብዱሰመድ፣ ድሬዳዋ

አሰላሙ ዓለይኩም። አላህ አንቺንም እናትሽንም ከሙቀቱ፣ ከጉንፋኑና ከክፉ ጎረቤት ይጠብቃችሁ። እኔ አጎትሽ ሙሚን ደህና ነኝ፤ ከደህናም በላይ ነኝ። ወረቀቱን እያገላበጥሽ ጸሐፊው ማን ነው ብለሽ እንዳትፈልጊ። ይህ የራሴ እጅ ነው። እስከ ዛሬ የደረሱሽ ደብዳቤዎች ሁሉ እኔ እያወራሁ ጎረቤቴ የጻፋቸው ናቸው፤ ያውም ግማሹን ቀልዴን እየዘለለ። ከእንግዲህ የሚዘለል ቀልድ የለም፤ ቻዪው።

ደርግ መሠረተ ትምህርት ብሎ አገሩን ሁሉ ፊደል ሲያስቆጥር እኔ ሸሽቼ ነበር። ትንሽ ቢያስቀድመው ኖሮ ቆጥሬ እሸሽ ነበር። አሁን እዚህ ያሉ የእኛ ሰዎች የማታ ትምህርት ከፈቱ። ቀን ቡላኦስ ሰፈር የከባድ መኪና ሸራ እየሰፋሁ፣ ማታ ፊደል እየሰፋሁ፣ ይኸው እዚህ ደረስኩ። መምህራችን አቶ ፀጋው "ሙሚን፣ ጽሕፈትህ የሚያምረው እጅህ መርፌ ስለለመደ ነው" ይሉኛል። እኔ ደግሞ መርፌው ነው ከእኔ የተማረው እላቸዋለሁ።

አንድ ችግር ብቻ አለ። አቶ ፀጋው ከትምህርቱ በፊት ስም ይጠራሉ። "ሙሚን" ይላሉ፤ እኔ ዝም። ፊት ወንበር ላይ ተቀምጬ፣ ዓይን ለዓይን እየተያየን፣ ዝም። "ሙሚን ዛሬም ቀርቷል" ብለው ይጽፋሉ፤ ክፍሉ ይስቃል። እንግዲህ በእሳቸው መዝገብ ከሄድን፣ አጎትሽ አንድም ቀን ትምህርት ቤት ሳይረግጥ መጻፍ የቻለ ብቸኛ ሰው ነው። እንዲህ ያለ ጭንቅላት በቤታችን እንዳለ ለድሬ ሰው ንገሪ።

ቤትም ያው ነው። ሚስቴ ውዳድ ስሜን ጠርታኝ አታውቅም። ስትፈልገኝ ጠረጴዛውን በማንኪያ መታ መታ ታደርጋለች። ለሱልጣን ነጋሪት ይመታለታል፣ ለእኔ ማንኪያ።

ደግሞ "እርስዎ" እያልሽ መጻፍሽን ተዪው። የድሬ ልጅ ከመቼ ወዲህ ነው አጎቱን እርስዎ የሚለው? እንዲያ ስትዪኝ ከኋላዬ የቆመው ትልቅ ሰው ማን ነው ብዬ ዞር እላለሁ።

እናትሽን ቡርቱካንን ሳሚልኝ፤ ለእኔ እህቴ ናት። ወረቀቱን የሚያደርስሽ ባቡር ላይ ትኬት የሚቆርጠው ከበበው ነው፤ መልሱንም ለእሱ ስጪው።

ያለማንም እርዳታ የጻፈው፣
አጎትሽ ሙሚን


ድሬዳዋ፣ ኅዳር 1994 ዓ.ም.

ለአጎቴ ለሙሚን

ወዓለይኩሙ ሰላም። የረመዳኑን ጾም አላህ ይቀበልህ፤ ለውዳድም ጤና ይስጥልን። ደብዳቤህን ካፈጠርን በኋላ ለእማዬ አነበብኩላት። ስለ ማንኪያው ስደርስ ሁለታችንም ሳቅን። ከማንኪያው በፊት፣ ስለ ስም ጥሪው ሳነብላት ግን ተነስታ ግቢ ወጥታ ነበር፤ ውጭ ምን ስትሠራ እንደቆየች አልጠየቅኋትም።

አሁን የእኔን ወሬ ስማ። የሙሰዲቅ ቤተሰቦች ሽማግሌ ላኩ። ሙሰዲቅ መጋላ ውስጥ ጨርቅ የሚሸጠው ልጅ ነው፤ ወሬ አይወድም፤ ከአንተ ጋር ስትቀመጡ በደንብ ትግባባላችሁ፣ አንተ ታወራለህ እሱ ይሰማል። ከአረፋ በኋላ ኒካህ እንዲታሰር ተስማምተናል።

ነገር የመጣው ከቃዲው ዘንድ ነው። እማዬን "የልጅቷ አባት የት ነው?" ብለው ጠየቋት። እሷም እንደ ሁልጊዜው "ወጥቷል" አለች።

"መቼ ነው የወጣው?"

"ነጅማ ልትወለድ ስትል።"

ቃዲው ቀና ብለው አዩኝና መልሰው እሷን አዩ። "እንግዲህ ስሚኝ" አሉ። "አባት ካለ ልጁን የሚድር ወሊ እሱ ነው። ይመለሳል ከተባለ ይጠበቃል። ሞቷል ከተባለ የሚያውቅ ሰው መጥቶ ይመስክር፤ ከዚያ በኋላ ወሊነቱ የአጎቷ ነው።"

አጎቴ፣ እዚህ ቤት "ሞቷል" ያለ ሰው የለም። አልሰገድንበትም፣ ሰደቃ አላወጣንም። እማዬ የባሏን ሐዘን አልተቀመጠችም። እሷ ያኔ እኔን ልትወልድ ሐረር እናቷ ቤት ነበረች። ከአባዬ ጋር የነበርከው አንተ ነህ። ስለዚህ ና። ቃዲው ፊት ቁምና ያየኸውን ተናገር፤ ከዚያ እጄን ለሙሰዲቅ ስጥ። ከአንተ በቀር ይህንን የሚያደርግልኝ የለም።

መልስህን በጉጉት የምትጠብቅ፣
ነጅማ


ጅቡቲ፣ ጥር 1994 ዓ.ም.

ለሙሽሪት ለነጅማ

ሰላምታዬ ከባሕሩ ነፋስ ቀድሞ ይድረስሽ። መልሱን ያዘገየሁት ሥራ በዝቶብኝ ነው። ዘንድሮ ነፋሱ የሾፌሩን ሁሉ ሸራ ቀዶ ቀዶ እኔ ጋ ላከው። በጅቡቲ ከእኔ በቀር ሸራ የሚሰፋ የለም ብልሽ ዋሾ ይሉኛል። በደንብ የሚሰፋ የለም።

እልል ብያለሁ። ውዳድም እልል ብላለች፤ እሷ በሶማሊኛ፣ እኔ በአማርኛ። በከበበው እጅ ድሪያ ቀሚስና ሽቶ ልኬልሻለሁ። ድሪያውን የመረጥኩት ራሴ ነኝ፤ ውዳድ ሌላ ቀለም መርጣ ነበር፣ እንዳትሰሚያት። ሙሰዲቅ ጨርቅ ሻጭ ነው ብለሻል፤ ጨርቁን በጣቱ ፈተግ ያድርገውና ይፍረድ።

ስለ ኒካሁ መላ አግኝቻለሁ። ሰው መምጣት ካልተመቸው ይወክላል። ይኸው ከዚህ ጋር ውክልና ጽፌ አያይዣለሁ፦ "የወንድሜን የዓብዱሰመድን ልጅ ነጅማን እንዲድሩልኝ ቃዲውን ወክያለሁ።" አቶ ፀጋው አርመውታል፤ ብዙም የሚታረም አላገኙም፣ አዝነዋል። ቃዲው ይህንን ጽሕፈት ሲያዩ ልጆቻቸውን ተማሩ ብለው ጅቡቲ እንዳይልኩብኝ ብቻ ነው የምፈራው።

የአባትሽ ነገር ረጅም ወሬ ነው። ስንገናኝ።

አጎትሽ፣ የሸራ ንጉሥ ሙሚን


ድሬዳዋ፣ የካቲት 1994 ዓ.ም.

ለአጎቴ ለሙሚን

እንደምን ሰነበትክ፣ ውዳድ እንደምን ሰነበተች። አላህ ዕድሜና ጤና አይንፈጋችሁ። ድሪያው ደርሶኛል። ሙሰዲቅ ፈተግ አደረገውና "አጎትሽ ያውቃል" አለ፤ ለእሱ ይህ ረጅም ንግግር ነው።

ውክልናህን ቃዲው አነበቡት። ጽሕፈቱን አመሰገኑ፤ ይህንን እንደምትወድ ስለማውቅ ነው የምነግርህ። ከዚያ ወረቀቱን አጥፈው መለሱልኝ። "ወረቀት ሲጠይቁት አይመልስም" አሉ። "ይኼ ሰው አባትሽን ለመጨረሻ ጊዜ ያየ እሱ ነው። የምጠይቀው አለኝ። በሕይወት አለ፣ ባቡርም አለ። ለምን አይመጣም?"

ቴሌ ሄጄ ከሱቅህ አጠገብ ላለው ባለሱቅ ደወልኩለት። ሰውየው ደጅ ወጥቶ ስምህን ሲጠራ በስልኩ ይሰማኛል። ከኋላ የስፌት መኪናህም ይሰማኝ ነበር። መጀመሪያ "ሙሚን" ሲል መኪናው ቆመ። ደግሞ ጠራ። ጸጥ አለ። "ዛሬ የለም መሰለኝ" አለኝና ዘጋ። እሱ ከዘጋ በኋላም ስልኩን ይዤ ቆሜ ነበር።

አልመጣም ካልክ አልመጣም በለኝ። ግን ካልመጣህ የሚሆነውን እወቅ። ቃዲው ክፉ ሰው አይደሉም፤ ራሳቸው ወሊ ሆነው ይድሩኛል። ሕጉ ይፈቅድላቸዋል። የሚፈቅደው ግን ዘመድ ለሌላት ሴት ነው። አጎት እያለኝ ይህ ቃል በሙሰዲቅ ወገን ፊት በእኔ ላይ ሲባል መስማት አልፈልግም። እማዬም ባለትዳር ትሁን መበለት ሳታውቅ አረጀች። እሷ አትጠይቅህም። እኔ ግን እጠይቅሃለሁ፤ ያን ቀን ምን አየህ?

ነጅማ


ጅቡቲ፣ የካቲት መጨረሻ 1994 ዓ.ም.

ለነጅማ

ሰላም ለቤታችሁ። ነገር ማስረዘም አልፈልግም፤ እመጣለሁ።

ኮት አሰፍቻለሁ። የሰፋሁት እኔ አይደለሁም፤ ሸራ ለብሶ መጣ እንዳትባዪ ብዬ ለሌላ ሰጠሁ። ከኒካሁ በፊት ባለው ባቡር እሳፈራለሁ፤ ከበበው ቦታ ይዞልኛል። ስወርድ ለማወቅ አትቸገሪም፤ ከሕዝቡ መሃል መልከ መልካሙ እኔ ነኝ። ጥርጥር ከገባሽ ከሁሉ የበለጠ የሚያወራውን ያዢ።

አንድ ነገር ብቻ እለምንሻለሁ። ጣቢያው ላይ ስሜን እየጠራችሁ እንዳትቀበሉኝ። አጠገቤ ድረስ ኑና እጄን ያዙኝ።

አጎትሽ ሙሚን


ድሬዳዋ፣ መጋቢት 1994 ዓ.ም.

ለአቶ ሙሚን

ሰላም ለእርስዎ፣ ሰላም ለባለቤትዎ።

ጣቢያ ሄደን ነበር። እማዬ ከቤት የምትወጣው ለብርቱ ጉዳይ ብቻ ነው፤ እሷም መጣች። ስምዎን ማንም አልጠራም። በር በሩ ላይ እየቆምን የሚወርደውን ሰው ፊት ፊቱን አየን። ሰዉ አለቀ። በመጨረሻ ከበበው የእርስዎን ሻንጣ ይዞ ወረደ። "አብሮኝ ነበር፤ ደወሌ ድንበር ላይ ወረቀት ሲታደል ቀረ" አለ። "ያዙት እንዴ?" ስለው "ማንም አልያዘውም" አለኝና መሬት መሬቱን አየ። እማዬ ሻንጣውን ተቀብላው ቀድማን ሄደች።

ኒካሁ በማግስቱ ታሰረ። ቃዲው እማዬን እንደገና ጠየቋት፤ እሷም "ወጥቷል" አለች። እሳቸውም የሙሰዲቅን እጅ ያዙ። "ዘመድ ለሌላት ሴት ወሊዋ ቃዲ ነው" ብለው ዳሩኝ። ከመጋረጃው በስተኋላ፣ ሴቶቹ በተቀመጡበት፣ አንዷ አሮጊት "የማን ልጅ ናት?" ስትል ሌላዋ "ቃዲውን ጠይቂያቸው" አለቻት። ሳቁ። ሙሽራ ስለሆንኩ እኔም ሳቅሁ።

ሙሰዲቅ ምንም አልተናገረኝም። መልካም ሰው ነው።

ኮትዎን በከበበው ልኬልዎታለሁ። ሻንጣው ውስጥ ተጨማድዶ ነበር፤ እማዬ ተኩሳዋለች።

ነጅማ


ጅቡቲ፣ ሰኔ 1994 ዓ.ም.

ለልጄ ለነጅማ

ሰላምታ ለመላክ ፊት የለኝም፤ ግን ያለ ሰላምታ መጻፍ አልችልበትምና አላህ ትዳርሽን ይባርከው። ይህንን ወረቀት ስጀምርና ስቀድ ነው ሁለት ወር ያለፈው። ውዳድ "ሸራ ስትቀድ አላየሁህም፣ ወረቀት ምን አደረገህ?" አለችኝ።

ደወሌ ላይ ሁላችንም ወረድን። ወታደሩ ወረቀታችንን ሰብስቦ ገባ፤ ሲመለስ ስም እየጠራ ያድል ጀመር። ጨዋ ልጅ ነው፣ ያጠፋው ነገር የለም። የተጠራው "አቤት" ይላል፣ ወረቀቱን ይቀበላል፣ ይሳፈራል። "ሙሚን" አለ። እጄን ብዘረጋ የምደርስበት ቦታ ላይ ነበርኩ። ደግሞ ጠራ። ከበበው ከባቡሩ በር ላይ ሆኖ "እሱ እኮ ነው፣ ያ ሰውዬ" እያለ በጣቱ አሳየው። ልጁ ፈገግ ብሎ መጣና "አባት፣ ሙሚን እርስዎ ነዎት?" አለኝ። "አይደለሁም" አልኩት። አፌ እንዲህ አለ፤ እኔም እንደ ሌላው ሰው ሰማሁት። ልጁ ወረቀቱን ኪሱ ከተተው። ባቡሩ ሄደ።

ሲሄድ እየሳቅሁ ነበር፣ ነጅማ። ቀልድ የሚመጣልኝ እንዲህ ያለ ቦታ ላይ ነው። ወታደሩ ፎቶዬንና ፊቴን ሲያስተያይ ቆይቶ ውሃ ሰጠኝ፤ ወደ ጅቡቲ በሚመለሰውም ባቡር አሳፈረኝ።

አሁን የጠየቅሽኝን ልመልስ።

ጠዋት ነበር። አባትሽ ተጣጥቦ ፎጣው አንገቱ ላይ ነበር። ከበሩ "ዓብዱሰመድ" የሚል ድምፅ መጣ። የሚያስደነግጥ አልነበረም። የቀበሌ ሰው የነበረ ጎረቤታችን ነው፤ እንደ ወዳጅ ነው የጠራው። አባትሽም እንደ ወዳጅ "አቤት" ብሎ ወጣ። ከጎረቤታችን በስተኋላ የደርግ ወታደሮች መኪና መቆሙን ያየሁት በበሩ ስንጥቅ ነው። ከዚያ "ሙሚን" አሉ። ዝም አልኩ። ደገሙ። ያኔ አባትሽ "የለም፣ ወጥቷል" አላቸው። ረጋ ብሎ ነው ያለው። አመኑት።

ከሰዓት በኋላ አሸዋው ወንዝ ዳር ከሌሎች ጋር ተኝቶ አየሁት። ፎጣው አብሮት ነበር። ማንሳት ክልክል ነበር፤ መቅረብም። ከጨው ጋር የዕቃ ፉርጎ ውስጥ ገብቼ እዚህ መጣሁ።

ስለዚህ ሞቷል። ወንድሜ ዓብዱሰመድ ሞቷል። ይኸው፣ በራሴ እጅ ነው። እናትሽ "ወጥቷል" ማለቷን ስትጽፊልኝ፣ አባትሽ ለእኔ ሲል ያለውን ቃል ማን ነገራት ብዬ ደነገጥኩ። ማንም አልነገራትም። እንዲሁ ያገኘችው ቃል ነው።

ከዚያ ቀን ወዲህ ስሜ ሲጠራ ከውስጤ የሆነ ነገር ወደ ኋላ ይሸሻል። ሰው ሁሉ ሙሚን ቀልደኛ ነው፣ አውቆ ነው ይላል፤ እኔም ይበሉ ብዬ እስቃለሁ። የደወልሽ ቀን መርፌውን ያቆምኩት እኔ ነኝ። አንቺ መሆንሽን ባውቅም እነሳ ነበር ብዬ አልምልም።

ምስክርነቴ ከኒካሽ በኋላ ደረሰ። ዘመድ የሌላት ያስባልኩሽ ዘመድሽ ነኝ። ይህንን ከሴቶቹ ፊት ከአንቺ ላይ የማነሳበት መላ ብፈልግ ብፈልግ አጣሁ።

ሙሚን


ድሬዳዋ፣ ሐምሌ 1994 ዓ.ም.

ለአጎቴ ለሙሚን

ሰላም ላንተና ለውዳድ። ክረምቱን አላህ በደህና ያሳልፈን።

ደብዳቤህን መጀመሪያ ለብቻዬ አነበብኩት። ከዚያ ለሙሰዲቅ። እሱም "ለእናትሽ አንብቢላት፣ ምንም አትቀንሺ" አለኝ። እማዬ ምስር እየለቀመች ነበር፤ አነበብኩላት፣ ምንም አልቀነስኩም። ስለ ወንዙ ስደርስ እጇ አልቆመም። ስጨርስ እንኳ ለቀማዋን ቀጠለች። ከዚያ "እንግዲህ እንዲሰገድበት ለመስጊድ ማን ይነግርልናል?" አለች። ሙሰዲቅ መስጊድ ሄዶ ነገረ። በዚያው ጁምዓ ሬሳው ሳይኖር ተሰገደበት። ሰዉ ብዙ ነበር። የማላውቃቸው ሽማግሎች መጥተው እጄን ጨበጡኝ።

ስለ እኔ ጠይቀህ እንደሆነ፣ ገና አልወጣልኝም። ያንን ቃል የሰሙ ሴቶች ገበያ ላይ ሲያዩኝ ድምፃቸውን ዝቅ ያደርጋሉ። ሳስበው እናደድብሃለሁ፤ ትንሽ ቆይቼ ባቡሩ ጥሎህ ሲሄድ እየሳቅህ የቆምከው ይታየኛል። ሁለቱን ምን እንደማደርጋቸው አላውቅም። ቶሎ አልፏል ብዬ ብጽፍልህ ውሸት ነው።

የምጽፍልህ ግን ለእማዬ ነው። ስለ አባዬ ሰውን ጠይቃ አታውቅም። ትናንት ሳላስበው "ሙሚንን ጠይቂልኝ" አለች። "ቁርስ በልቶ ነው የወጣው?"

እባክህ መልስላት።

ነጅማ


ጅቡቲ፣ ሐምሌ 1994 ዓ.ም.

ለእህቴ ለቡርቱካን

አላህ ያጽናሽ። ይህንን ልልሽ ይገባኝ የነበረው ያኔ ነው።

ሻይ ጠጥቷል። ያፈላሁት እኔ ነኝ፤ ስኳር አበዛህ ብሎኝ ነበር፣ ግን ጨርሶታል። ዳቦ ቤቱ ገና አልከፈተም። "ሲከፍት እንበላለን" አለ። ስላንቺም አወራ፤ እሁድ ሐረር ሊመጣ ነበር።

መጀመሪያ በልቶ ነው የወጣው ብዬ ጽፌ ነበር። ቀደድኩት። ለነጅማ ሳልመሰክርላት ቀርቼ ላንቺ በሐሰት አልመሰክርም።

አልበላም፣ እህቴ።

ሙሚን